ተራራው የእኔ፣ ውሃው የእሷ

እኔና ባለቤቴ ለብዙ ዓመታት በአንድ ሸራ ላይ ሁለት ሆነን ስንሥል ኖረናል። ላሊበላ ውስጥ፣ ወደ አብያተ ክርስቲያናቱ በሚያወርደው መንገድ ዳር፣ በቆርቆሮ የተሠራች ጠባብ ሱቅ ነበረችን። ከፊት ያለቁትን ሥዕሎች እንሰቅላለን፤ ከመጋረጃው ጀርባ እንሠራለን። እኔ ሰማዩን፣ ተራራውን፣ ገደሉንና ዛፉን እቀባለሁ። ወንዝ የሚያልፍበትን ቦታ ነጩን ሸራ እንዳለ እተውላታለሁ። እሷ የእኔ ቀለም እስኪደርቅ ትጠብቅና ውሃውን ትለቅበታለች። አነጋገራችንም እንደዚያው ነበር። "ዛሬ ውሃ ትለቂያለሽ?" ስላት፣ "ሸራህ ደርቋል?" ትለኛለች።

የተማርነው አዲስ አበባ፣ በአንድ የሥዕል ትምህርት ቤት ነው። እኔ የላሊበላ ቄስ ልጅ ነኝ። እሷ ከኩልመስክ ወዲያ፣ ተከዜ ገና እግር የማያርስ ጅረት ሆኖ ከሚነሳበት አካባቢ የመጣች የገበሬ ልጅ ናት። ከክፍሉ ተማሪ ሁሉ የላስታ ሰው እኛ ሁለታችን ብቻ ስለነበርን በአነጋገራችን ነው የተዋወቅነው። እኔ "እሽ" ስል ከኋላዬ አንዲት ልጅ ሳቀች። ዞሬ ሳያት፣ "አገሬ መጣ ብዬ ነው" አለችኝ።

አንድ ቀን መምህራችን ከከተማው ወጣ ወዳለ ወንዝ ወሰደንና የሚፈስ ውሃ በዘይት ቀለም ቀቡ አለን። ቀኑን ሙሉ ደከምኩ። ሰማያዊውን በነጭ፣ ነጩን በሰማያዊ ስጎትተው ዋልኩ። መምህሩ የእኔ ጋ ሲደርስ ጥቂት አየውና፣ "ይሄ አስፋልት ነው። ሰማያዊ ስለሆነ ነው እንጂ መኪና ይሄድበታል" አለኝ። ሁሉም ሳቀ። የእሷ ጋ ሲደርስ ግን እንደ መጎንበስ ብሎ፣ "አትንኪው። ከዚህ በኋላ ምንም እንዳትጨምሪበት" አላት።

ማታውኑ ወደ ከተማ ስንመለስ አውቶቡሱ ውስጥ አጠገቧ ተቀመጥኩና እንዴት እንደሠራችው ጠየቅኳት።

"አንተ ከውሃው ጋር እየሮጥክ ነው የምትቀባው" አለችኝ። "ዓይንህ ይሄዳል፣ ይመለሳል፣ ይሄዳል። አንድ ድንጋይ ምረጥና እሱ ጋ ቆይ። ድንጋዩ ጋ የሚደርሰው ውሃ በየጊዜው ሌላ ነው፤ ድንጋዩን ሲያልፍ የሚሠራው ጉብታ ግን ያው ነው። ቅባ የምልህ ጉብታውን ነው።"

ነገሩ በጭንቅላቴ ገባኝ። እጄ ግን አልገባውም። ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት ሞክሬ አልሆነልኝም፤ ስንጋባ ደግሞ መሞከሩንም ተውኩት። ውሃ የሚቀባ ሰው ቤቴ እያለ ምን አስጨነቀኝ?

ላሊበላ ተመልሰን ሱቋን ስንከፍት አባቴ በሕይወት ነበሩ። እሳቸው የሚያውቁት ሥዕል የቅዱሳን ሥዕል ነው። አንድ ቀን ከቅዳሴ መልስ መቋሚያቸውን ይዘው ገቡና ከግድግዳው ላይ ያለውን ወንዝ ለረጅም ጊዜ አዩት።

"ይሄ ምንድነው?"

"ተከዜ ነው አባ።"

"እሱስ ገባኝ። ጻድቁ የታለ? ማን ሊሻገረው ነው?"

"ማንም አይሻገረውም አባ፤ ወንዙ ብቻ ነው" አለቻቸው እሷ።

አባቴ ራሳቸውን ነቀነቁ። ሊወጡ ሲሉ ግን በሩ ላይ ቆም ብለው፣ "ውሃውስ ውሃ ነው" አሏት። ከእሳቸው አፍ ይህ ትልቅ ምስጋና መሆኑን ሁለታችንም እናውቅ ነበር። ቀኑን ሙሉ "ውሃውስ ውሃ ነው" እየተባባልን ስንስቅ ዋልን።

በየዓመቱ ከመስቀል በኋላ፣ የክረምቱ ጎርፍ አልፎ ጅረቱ ሲጠራ፣ ሱቋን ዘግተን እናቷ ጋ እንወርድ ነበር። ከእናቷ ቤት በታች፣ ከገብስ ማሳው ግርጌ፣ ተከዜ በድንጋይ መካከል እየተጠማዘዘ ይወርዳል። እሷ ከአንድ ጠፍጣፋ አለት ላይ ትቀመጥና ሸራውን ጉልበቷ ላይ ታደርጋለች። መጀመሪያ ውሃ አትቀባም። ከውሃው ሥር ያለውን ድንጋይ፣ አሸዋውንና ጥላውን፣ አኳራጅ በሚሉት ማቅጠኛ በቀጠነ ጥቁር ቡናማ ቀለም ትሠራለች። ሰው ቢያያት የደረቀ ወንዝ የምትሥል ይመስለዋል። በማግስቱ ሲደርቅላት የሰማዩን ቀለም በስሱ ታለብሰዋለች፤ ብሩሿን ውሃው በሚሄድበት አቅጣጫ ብቻ ትሰደዋለች፤ መልሳ አታሻሽም። አረፋውን መጨረሻ ላይ ነው የምታመጣው። አረፋ ሁሉ ነጭ አይደለም ትለኝ ነበር። ጥላ ውስጥ ያለው አመድማ ነው። ንጹሑን ነጭ ፀሐይዋ ለነካችው አንድ ቦታ ታስቀምጠዋለች፤ ያን ስታደርግ ትንፋሿን ትይዛለች። እኔ ደግሞ ከጎኗ ተቀምጬ ማዶ ያለውን ተራራ እቀባለሁ። ልጅ አልሰጠንም። ቢሆንም ያን ጊዜ የጎደለን ነገር ያለ አይመስለኝም ነበር።

ከዚያ ዓለምን ያዳረሰው በሽታ መጣና ሥዕል የሚገዙንን እንግዶች የሚያመጣው አውሮፕላን ቆመ። እሱ በቅጡ ሳይወጣ ጦርነቱ መጣ።

ያኔ በእጃችን ላይ አንድ ትልቅ ሸራ ነበረ። አንድ ባለ ሆቴል ለእንግዳ መቀበያው ያዘዘን፣ የሱቋን ግድግዳ ከዳር እስከ ዳር የሚሞላ። ቦታው ያው የእናቷ ጅረት ነው። እኔ ተራራውንና ዳርቻውን ጨርሼ ነበር፤ መሐሉ ለእሷ የተተወ ነጭ ነው። ተኩሱ ሲቀርብ የያዝነውን ይዘን በእግራችን ወደ እናቷ አገር ወረድን። እዚያም ሰላም አልነበረም፤ እዚያ ግን የሚበላ ገብስ ነበር።

ስንመለስ የሱቃችን በር ተገንጥሏል። የቀለም ቱቦዎቹ ወለሉ ላይ ተረጋግጠው ቀለማቸው ፈሶ ደርቋል፤ ሰማያዊና ቀይ የጫማ ዱካ እስከ መንገዱ ድረስ ይታይ ነበር። ትናንሾቹ ሥዕሎች የሉም። ትልቁ ሸራ ብቻ ለመሸከም ስላልተመቸ ይሆናል፣ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ እንደቆመ ቀርቷል።

ባለ ሆቴሉን ሄጄ አነጋገርኩት። ባዶ አዳራሽ ውስጥ ብቻውን ተቀምጦ ነበር። "ወንድሜ፣ ማን እንዲያየው ነው የምሰቅለው?" አለኝ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ እውነቱን ነው።

እሷ አንድ ጠዋት ሸራው ፊት ቆመች። ከተረጋገጡት ቱቦዎች ውስጥ የተረፈውን ቀለም ጨምቃ መቀላቀያው መስታወት ላይ ቀላቀለች። ብሩሹን ነከረች። ከዚያ ቆማ ቆማ፣ ቀለሙን በስፓቱላ ጠርጋ ጣሳ ውስጥ ከተተችው።

"ምነው?" አልኳት።

"ዛሬ አይደለም" አለች።

ከዚያ በኋላ የመጣው ወቅት ሁሉ እንደዚያው ነበር። የገና በዓል ደረሰ፣ ምዕመናኑ በእግር መጡ፣ አክብረው ተመለሱ፤ ሥዕል የሚገዛ ሰው አልመጣም። ጥምቀትም እንደዚያው አለፈ። አባቴ በዚያ መሐል አረፉ። አንድ ቀን ሱቁ በር ላይ ፀሐይ እየሞቅን ሳለ ዞር ሳትል፣ "ዐረብ አገር ልሄድ ነው" አለችኝ።

"እኔ ልሂድ።"

"አንተን ለቤት ሥራ ማን ይወስድሃል?" አለች። ለመቀለድ አልነበረም። ሠፈራችን ውስጥ የሄዱት ሁሉ ሴቶች ነበሩ።

እናቷን ልንሰናበት ስንወርድ አማቴ የአገሩን ስም ደጋግመው አስጠሩን። ሊይዙት አልቻሉም። በመጨረሻ፣ "ውሃ አለው?" አሉ።

"ባሕር አለው እማዬ" አለቻቸው።

"ባሕርማ ይጠጣል እንዴ?" አሉና ፊታቸውን አዞሩ።

የሸኘኋት ጋሸና ድረስ ነው። ከላሊበላ የመጣንበት መኪና እዚያ አውርዶን፣ የደሴውን እስክታገኝ አንዲት ምግብ ቤት ገባን። ውጭው ነፋስና አቧራ ነው፤ የጭነት መኪኖቹ በተርታ ቆመዋል። ሽሮ አዝዘን ሁለታችንም አልበላንም። ስለ ጤና፣ ስለ ስልክ፣ ስለ እናቷ ተነጋገርን። መኪናዋ ጥሩምባ ስትነፋ ተነሳችና ነጠላዋን አጥብቃ፣ "ውሃውን እንዳትነካው። ስመለስ እኔ እጨርሰዋለሁ" አለችኝ። "እሽ" አልኳት።

መጀመሪያ ላይ በየሳምንቱ ድምጿን ትልክልኝ ነበር። የቤቱ ሰዎች ሲወጡላት ነው የምትቀዳው፤ ድምጿ ዝቅ ያለ ነው፤ አንዳንዴ ከኋላ የልብስ ማጠቢያ ማሽን ይሰማል። ስለ ሥራው ብዙ አታወራም። አንድ ጊዜ፣ "ግቢው ውስጥ መዋኛ ገንዳ አለ" አለችኝ። "ጠዋት ጠዋት ቅጠል እለቅምበታለሁ። ማንም አይዋኝበትም። ሰማያዊ ነው፣ ቀጥ ያለ፣ የማይነቃነቅ። መምህራችን አስፋልት ያለው ያንተ ወንዝ እዚህ ነው የመጣው ለካ!" ብላ ሳቀች። ያን መልእክት ስንት ጊዜ እንደሰማሁት አላውቅም።

ከዚያ መልእክቶቹ አጠሩ። አንድ ቀን እንዲህ የሚል መጣ፤ "ውሃውን አንተ ቀባው።"

ሌላ ምንም የለበትም። ደወልኩ፤ አላነሳችም። ከቀናት በኋላ ስታነሳ፣ ለምን እንዲህ እንዳለችኝ ጠየቅኳት።

"እጄ እምቢ ብሏል" አለች። "በረኪናው ቆዳውን ልጦታል። ብሩሽ እንኳ የሚይዝ አይመስለኝም።"

"ይድናል።"

"ቀባው በቃ። እኔ ከዚህ ሆኜ እነግርሃለሁ።"

እንዲህ ሆነን ጀመርን። በትልቁ ሸራ ላይ ከመድፈሬ በፊት በአቡጀዲ ቁራጮች ላይ ሞከርኩ። ፎቶ አንስቼ እልክላታለሁ፤ እሷ ጊዜ ስታገኝ በአንድ ቃል ትመልሳለች። "ጠርገው።" "ነጩ በዛ።" "ድንጋዩን ሳትሠራ ወደ ውሃው ገባህ።" አንድ ጊዜ፣ "ይሄኛው ይፈሳል፤ ግን ወደ ዳገት ነው የሚፈሰው" አለችኝ። ሸራውን ገልብጬ አየሁት፤ እውነቷን ነበር። ስትቆጣኝ ደስ ይለኝ ነበር። ስትቆጣ የድሮዋ ናት።

የቀለም ነገር ሌላ ችግር ነበር። ከአዲስ አበባ የሚያመጣልኝ ሰው አልነበረም። የማቅጠኛ ዘይት ሲያልቅብኝ ከገበያ የተልባ ዘይት ገዝቼ ቀላቀልኩበት፤ ሳምንታት አለፉ፣ አልደርቅ አለ። ዝንቦች መጥተው ወንዜ ላይ ተጣብቀው ሞቱ። ያንን ስነግራት የምትስቅ መስሎኝ ነበር። መልስ አልመጣም።

ከዚያ በኋላም አልመጣም። ስልኳ ዝግ ሆነ። የላካትን ደላላ ፈልጌ ወልድያ ድረስ ሄድኩ፤ መጀመሪያ "ደህና ናት፣ ስልኳን ተቀብለዋት ይሆናል" አለኝ፤ ኋላ ላይ የእኔንም ስልክ ማንሳት ተወ። ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ሄጄ ስሟን አስመዘገብኩ። ከዚያ ወዴት እንደሚኬድ የሚያውቅ ሰው አላገኘሁም። ለአማቴ ስልኩ ተበላሽቶባት ነው አልኳቸው። አላመኑኝም፤ ግን አልጠየቁኝም።

ሥራ ብዬ የያዝኩት የሱቅ ማስታወቂያ መጻፍ ነበር፤ የቀረውን ጊዜ ጅረቱ ዳር አሳልፍ ጀመር። እሷ የምትቀመጥበት አለት ላይ ተቀምጬ፣ እሷ እንደምትለው አንድ ድንጋይ መርጬ፣ እሱን ብቻ ሳይ እውላለሁ። ክረምት ሲመጣ ውሃው ደፈረሰ፤ እንደ ቡና አተላ ሆኖ ድንጋዩን ሸፈነው። ውሃው ሲጎድል ተመልሼ መጣሁ። ድንጋዩ እዚያው ነበር። ውሃው ከላዩ ይወጣል፣ እንደ ትከሻ ይጎብጣል፣ ወዲያ ማዶ ወርዶ ይሰበራል። ያ ትከሻ ቀኑን ሙሉ አይንቀሳቀስም። ዓይኔ ከውሃው ጋር መሮጡን መቼ እንደተወ አላስተዋልኩም። አንድ ከሰዓት በኋላ ከጉልበቴ ላይ ያለውን አቡጀዲ ሳየው ይፈሳል። ወደ ታች ይፈሳል።

ደስ አላለኝም ብል እዋሻለሁ። ብድግ ብዬ ዙሪያዬን አየሁ። የገብሱ ማሳና ተራራው ብቻ ነበሩ። ፎቶ አንስቼ ወደ ተዘጋው ስልኳ ላክሁት።

በዚያ ሰሞን ትልቁን ሸራ ጨረስኩት። ለአረፋው የቀረኝ ንጹሕ ነጭ አንድ ቱቦ ግርጌ ላይ የተጨማደደ ነበር። ቱቦውን በምላጭ ቀድጄ ጠርጌ አወጣሁት፤ ፀሐይ የነካችበት ቦታ ላይ አስቀመጥኩና ብሩሹን አነሳሁ። ምንም አልጨመርኩበትም።

የመጣችው ሳትናገር ነው። ከአዲስ አበባ ከማላውቀው ስልክ ደውላ፣ "መጥቻለሁ" አለችኝ። ላሊበላ መናኸሪያ ስትወርድ በእጇ አንዲት ፌስታል ብቻ ነበረች። ከስታ ነበር፤ እሱን ጠብቄዋለሁ። ያልጠበቅኩት የቀኝ እጇ አንጓ ነው። ጠሞ ገጥሟል፤ መዳፏ ወደ ውጭ ዞሯል።

"ምን ሆነሽ ነው?"

"ወደቅሁ።"

"የት?"

"ደረጃ ላይ።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ ስለዚያ አገር የነገረችኝ ይህንኑ ነው። በኋላ ደሴ ሐኪም ጋ ወሰድኳት። አጥንቱ እንደገና ተሰብሮ ካልተገጠመ እንደማይስተካከል፣ ተስተካክሎም እንደ ቀድሞው ለመሆኑ እርግጠኛ እንደማይሆን ነገረን። "ይቅርብኝ" አለች። ሐኪሙ እኔን አየኝ። እኔ እሷን አየኋት። ተነስታ ነጠላዋን ለበሰች።

ቤት ውስጥ አዲስ ጠባይ አመጣች። ሳልነቃ ተነስታ ወለሉን በውሃ ታጥባለች፤ ንጹሑን ወለል። "ተዪው፣ ተኚ እንጂ" ስላት ትደነግጣለች። ከውጭ ስገባ ከተቀመጠችበት ብድግ ትላለች። የመጀመሪያ ጊዜ ልታቅፈኝ መስሎኝ እጄን ዘረጋሁ። ግድግዳውን ተጠግታ ቆመች፣ ዓይኗን ወደ መሬት አድርጋ። እኔ እስክቀመጥ አትቀመጥም ነበር። አሁንም አንዳንድ ጊዜ እንዲሁ ናት፤ እኔም ድንገት እንዳልገባባት በር ላይ ጉሮሮዬን እየጠረግሁ መግባት ለመድኩ።

ሥዕሉን ቶሎ አላሳየኋትም። ትበርታ አልኩ። ምን እንደምትለኝ ግን ቀን ከሌት አስብ ነበር። የምትነቅፍበትን ቦታ ሁሉ አስቀድሜ አውቀው ነበር፤ ከግራ በኩል ያለው ጥላ ትንሽ ከብዷል፣ "ጠርገው" ትለኛለች እያልኩ። ከመስቀል በኋላ አንድ ጠዋት ሱቁ ወስጄ መጋረጃውን ገለጥኩላት።

ቆማ አየችው። ረጅም ጊዜ አየችው።

"ጥሩ ነው" አለች።

"የቱ ጋ ነው ያላማረሽ?"

"ሁሉም ጥሩ ነው።" ከዚያ ወደ እኔ ዞር አለችና፣ "የት ነው ይሄ?" አለችኝ።

ቀልድ መስሎኝ ሳቅሁ። እሷ አልሳቀችም።

"እናንተ ጋ ነዋ። ከእናትሽ ቤት በታች። አለቱ ያውና፣ አንቺ የምትቀመጪበት።"

"እ" አለች። "አዎ፣ ይመስላል።" ይህን ያለችው ለባዕድ ሰው እንደሚባል፣ እንዳይከፋኝ ብላ ነው።

ቦታውን ብታየው ይመለስላታል ብዬ በዚያው ሳምንት እናቷ ጋ ይዣት ወረድኩ። አማቴ እጇን ይዘው ቅቤ ሲቀቡት አመሹ፤ ምንም አልጠየቋትም። ጠዋት ወደ ጅረቱ ስንወርድ እኔን ወደ ጎን ሳብ አድርገው፣ "ልጄ፣ አታስጨንቃት። በሕይወት መጥታለች፤ ይበቃናል" አሉኝ። ይበቃናል ሲሉ ግን ድምፃቸው የበቃው ሰው ድምፅ አልነበረም።

አለቷ ላይ ተቀመጠች፤ ግን ጀርባዋን ለውሃው ሰጥታ፣ ፊቷን ወደ ማሳው አድርጋ። ቀለም ቀላቅዬ ብሩሹን በቀኝ እጇ አስያዝኳት። ጣቶቿ አልተጨበጡም። ራሷ ወደ ግራ እጇ አዛወረችው። ዞራ ውሃውን አየች፣ ከዚያ ሸራው ላይ አንድ ጊዜ ጎተተችው። ቀጥ ያለ ሰማያዊ መስመር ወጣ፤ እንደ ክር።

"አየህ?" አለችኝ።

"ግራ ስለሆነ ነው። ይለመዳል።"

"እጁ አይደለም" አለች። "ዝም ብዬ ሳየው የሚሄድ ውሃ ነው። ሌላ ምንም አላይበትም።"

ብሩሹን በአኳራጅ አለቀለቀችው፤ ፀጉሩን በጨርቅ እየጠረገች ጫፉን አስተካክላ መለሰችልኝ። ይህን እንደ ድሮው አድርጋ ነው የሠራችው። ከዚያ በኋላ ብሩሽ በእጇ ይዛ አላየኋትም። እኔም አላስያዝኳትም።

ባለ ሆቴሉ ዘንድሮ ሥዕሉን ላኩልኝ አለ። እንግዳ ስለመጣለት አልነበረም፤ የተሰነጠቀ ግድግዳ ሊሸፍንበት ነው። አብረን ወስደን ስንሰቅለው ወደ ኋላ ራቅ ብሎ አየና እጁን አጨበጨበ። "አቤት ውሃ! አቤት ውሃ! ይሄ የእሷ እጅ እንደሆነ ለማንም አይጠፋም" አለ። እኔ እሷን አየኋት። ፊቷ ላይ ምንም አልነበረም። "አዎ፣ የእሷ ነው" አልኩት። መሰላሉን አጥፌ ወጣን።

ሱቋን መዋቢያና የስልክ ካርድ ለሚሸጥ ሰው ለቀቅናት። እኔ የማስታወቂያ ሰሌዳ እጽፋለሁ፤ የፀጉር ቤት፣ የብሎኬት ማምረቻ፣ የወተት ቤት። በዕረፍቴ ቀን ግን አሁንም ወደ ጅረቱ እሄዳለሁ። ውሃው አሁን አያስቸግረኝም፤ ድሮ እሷ እንደምትሠራው ቶሎ ይመጣል። የሠራሁትን አቡጀዲ ጠቅልዬ ከአልጋው ሥር አስቀምጣለሁ። ለማንም አላሳይም። የሚነቅፈኝ ሰው የለኝም፤ የማይነቀፍ ሥራ ደግሞ ደስታው ምን እንደሆነ እስካሁን አላገኘሁትም።

ትናንት እራት ላይ፣ "ነገ ትሄዳለህ?" አለችኝ።

"እሄዳለሁ።"

"ለምንድነው የምትሄደው?"

እንጀራውን ቆረስ አድርጌ መልስ ፈለግሁ። እሷም ትጠብቅ ነበር፤ ከመጣች ወዲህ እንዲህ ጠይቃ መልስ ስትጠብቅ አይቻት አላውቅም።

"እንጃ" አልኳት።

ራሷን ነቀነቀች፤ ሳህኖቹን በግራ እጇ ሰበሰበችና ልታጥብ ተነሳች።